አንድ ቃል ጨምሬ የጠየቅኩት ጥያቄ

ይህ የደረሰብኝ ኮሌጅ በገባሁበት የመጀመሪያ ዓመት ነው። እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በ2011 ኦክቶበር ላይ ተጀመረ፤ ማርች ሲደርስ ሁሉም ነገር ወጣ። ብዙ ጊዜ አልሆነውም፤ ግን እስካሁን የጋሽ ወንድወሰንን ስም ስልኬ ላይ ሳይ ቶሎ አልፈዋለሁ።

የምንኖረው ከዋሽንግተን አጠገብ አሌክሳንድሪያ፣ ላንድማርክ አካባቢ፣ ከረጃጅሞቹ አፓርትመንቶች በአንዱ ስድስተኛ ፎቅ ላይ ነው። አባቴ ዋሽንግተን ከተማ ውስጥ ፓርኪንግ ይሠራል፤ እናቴ ሆቴል። እኔ በአሥር ዓመቴ በእናቴ ዲቪ ስለመጣሁ አማርኛውንም እንግሊዝኛውንም እችላለሁ። ስለዚህ የሕንፃው አበሻ ሁሉ ጸሐፊ ነኝ ማለት ይቻላል። የሥራ ማመልከቻ፣ ከትምህርት ቤት የመጣ ደብዳቤ፣ የሐኪም ቀጠሮ ሲሆን በራችን ይንኳኳል። እምቢ ማለት አልችልበትም። እውነቱን ለመናገር፣ «ሐኒ እንዴት ያለች ልጅ ናት» ሲሉኝ ደስ ይለኛል።

ጋሽ ወንድወሰን ሦስተኛ ፎቅ ላይ ብቻቸውን ይኖራሉ። ታክሲ ነው የሚነዱት። በደርግ ጊዜ ከአባቴ ጋር ኪየቭ አብረው ተምረዋል። እሁድ እሁድ ከሰዓት በኋላ እኛ ቤት መጥተው ካርታ ይጫወቱ ነበር። ሲሸነፉ አባቴን «ጓድ ሊቀመንበር፣ አሁንም አጭበረበርክ» ይሉታል። አባቴም «ሂሱን ተቀብያለሁ፣ ጓድ» ይላል። እኔና እናቴ እንስቃለን።

ጠዋት ለሥራ ሲወጡ እኔን ኮሌጅ አድርሰውኝ ነበር የሚሄዱት። ነርሲንግ ለመማር እየተዘጋጀሁ እንደሆነ ስለሚያውቁ «ዶክተር፣ ቀበቶሽን እሰሪ» ይሉኛል። «ነርስ ነው እኮ የምሆነው» ስላቸው፣ «የተሾመ ሰው አይከራከርም» ይሉኛል። ልጅ የላቸውም። ለልደቴ ስጦታ ረስተው አያውቁም።

በዚያ ኦክቶበር አንገታቸው ላይ በስተቀኝ በኩል አንድ እብጠት ወጣ። እናቴ ናት ቀድማ ያየችው።

«ወንድዬ፣ ይኼ ነገር ምንድነው?» አለቻቸው።

«እንቅርት ነው። እናቴም አክስቶቼም ነበረባቸው። የእኛ አገር ጨው ነው ጥፋተኛው» አሉ።

እናቴ ግን አልለቀቀቻቸውም። አነስተኛ ክፍያ የሚያስከፍል ክሊኒክ ቀጠሮ አስያዝኩላቸው። አብሬያቸው እንድሄድ ራሳቸው ጠየቁኝ። «ከተሳፋሪ ጋር የማወራበት እንግሊዝኛ ለሐኪም አይሆንም። በሩሲያኛ ቢሆን ኖሮ እኔ ነበርኩ ላንቺ የማስተረጉምልሽ» አሉኝ።

በቀጠሮው ዋዜማ አባቴ ኩሽና ውስጥ ሳህን ሳጥብ መጥቶ አጠገቤ ቆመ። አባቴ ኩሽና ብዙም አይገባም።

«ነገ ስለ ኪየቭ የሚባል ነገር እንዳታነሺ» አለኝ።

«ለምን?»

«ወንድወሰን ኢንሹራንስ ለመግባት አመልክቷል። ቼርኖቢል የሚል ቃል ወረቀቱ ላይ ከገባ አይቀበሉትም። እሱ ደግሞ የዋህ ነው፣ ከጠየቁት ሁሉንም ይዘረግፈዋል። አንቺ ብልህ ነሽ፣ ለእሱ ብለሽ ነው።»

ቼርኖቢል የሚባለውን ስም የሰማሁት በዚያው ዓመት የጃፓኑ የኑክሌር ጣቢያ አደጋ በቴሌቪዥን ሲታይ አብሮ ሲነሳ ነው። አባቴና ጋሽ ወንድወሰን ያኔ እዚያ አካባቢ እንደነበሩ አላውቅም ነበር።

«እናንተ እዚያ ነበራችሁ?» አልኩት።

«ሩቅ ነበርን» አለና ወጣ።

በማግስቱ ክሊኒኩ ውስጥ ፎርም ሰጡን። ጋሽ ወንድወሰን መነጽራቸውን አውጥተው አጠገቤ ተቀመጡ። «እያንዳንዱን ጥያቄ አንብቢልኝ፣ አትዝለይ» አሉኝ። ስኳር፣ ደም ግፊት፣ ቀዶ ሕክምና፣ ሲጋራ እያልኩ ወረድኩ። በሁለተኛው ገጽ መሃል ላይ ለጨረር ተጋልጠው ያውቁ እንደሆነ የሚጠይቅ መስመር ነበር። አባቴ ያለኝ ትዝ አለኝ። ብዘለው ጣታቸው ወረቀቱ ላይ ነው፣ ያውቁብኛል።

ከዚያ እንዲህ ብዬ ጠየቅኳቸው፦ «የጨረር ሕክምና ወስደው ያውቃሉ?»

«የምን ሕክምና?»

«ለካንሰር የሚሰጠው።»

«ኧረ እግዜር ያርቀው፣ የለም» አሉ።

የለም የሚለው ላይ ምልክት አደረግሁ። ጥያቄው ሕክምና አይልም። ያንን አውቃለሁ። ግን በቤታችን ጨረር ሲባል ሰው የሚያስበው የሆስፒታሉን ነው፣ ውሸት አልተናገርኩም ብዬ ራሴን አሳመንኩ። ወደሚቀጥለው መስመር ስሄድ ትንሽ ጎበዝ የሆንኩ መስሎኝ ነበር። ኢንሹራንሳቸውንም አዳንኩላቸው፣ አባቴንም ታዘዝኩ።

ጋሽ ወንድወሰን ግን መነጽራቸውን ሳያወልቁ ወረቀቱን ትንሽ ሲያዩት ቆዩ። ምን እንደፈለጉ አልገባኝም።

ሐኪሟ ገብታ አንገታቸውን ዳሰሰች። እንቅርት እንደሆነ፣ በዘራቸውም እንዳለ የነገርኳት እኔ ነኝ። በብዙ ደጋ አገር የተለመደ ነው ብዬ ከራሴም ጨመርኩ። ፎርሙን አየች። ለምርመራ ደም ይስጡ፣ ውጤቱ ደህና ከሆነ ከስድስት ወር በኋላ ይመለሱ አለች። የደሙ ውጤት ደህና ነበር። አባቴ በዚያ ምሽት «ጎበዝ» ብሎ ራሴን ዳበሰኝ።

ፌብሩዋሪ ላይ የጋሽ ወንድወሰን ድምፅ መሻከር ጀመረ። ብርድ ነው አሉ። እብጠቱ ግን የሸሚዛቸውን የላይኛ ቁልፍ አላስቆልፍ አለ። ክሊኒኩ ስድስት ወሩን ሳይጠብቅ በመርፌ ናሙና እንዲወሰድላቸው ሲልቨር ስፕሪንግ ወዳለ ስፔሻሊስት ላካቸው።

ማርች ላይ ነበር። በራሳቸው ታክሲ ይዘውኝ ሄዱ። ቤልትዌይ በሚባለው ቀለበት መንገድ ላይ፣ ድልድዩን እንዳለፍን፣ ፊት ለፊት አደጋ ደርሶ ኖሮ መኪናው ሁሉ ቆመ። ሬዲዮው የጃፓኑ አደጋ አንድ ዓመት እንደሞላው ያወራ ነበር። አንዲት ሴት፣ መጀመሪያ ምንም ችግር የለም እንደተባሉና ልጆቿን ውጭ ታጫውት እንደነበር ትናገራለች። ጋሽ ወንድወሰን እጃቸውን ዘርግተው አጠፉት።

«እኛንም እንዲህ ብለውን ነበር» አሉ።

መኪናው አይንቀሳቀስም። እሳቸውም እየቆዩ እየቆዩ ነገሩኝ።

የቼርኖቢሉ የኑክሌር ጣቢያ የፈነዳው ቅዳሜ ሊነጋ ሲል ነው። ኪየቭ ውስጥ ማንም ምንም አልተናገረም። ሰኞና ማክሰኞ መኪናዎች ጎዳናውን በውሃ ሲያጥቡ ይውላሉ። ለበዓሉ ነው ተባለ። በተማሪዎች መኖሪያ ቤት ውስጥ ግን ወሬው ገባ። ሬዲዮ በድብቅ የሚያዳምጡ ልጆች ነበሩ። አንዳንድ የሌላ አገር ተማሪዎች ሻንጣቸውን ይዘው ወጡ። የእኛዎቹ ፈሩና ስብሰባ ተጠራ።

«የላብ አደሮች ቀን ዋዜማ ነው። የተማሪዎች ኮሚቴያችን ሊቀመንበር ወረቀት ይዞ መጣ። የኢምፔሪያሊስት ወሬ ነው፣ ነገ ሁሉም ሰው ሰልፍ ይወጣል፣ ከተማ ለቆ የሄደ ከነስሙ ለአገር ቤት ይጻፍበታል ብሎ አነበበልን። ስም የተጻፈበት ምን እንደሚሆን ያኔ ሁላችንም እናውቃለን። ትምህርቱ ቀርቶ ጣጣው ቤተሰብ ድረስ ነው። ከዚያ ለስብሰባ ሞስኮ ተጠርቻለሁ አለኝ። ሻንጣው ከባድ ስለነበር ባቡር ጣቢያ ድረስ የተሸከምኩለት እኔ ነኝ።»

«ለሊቀመንበሩ?»

«አዎ። ጣቢያው ሕፃናት በያዙ ሴቶች ሞልቷል። ለበዓል ወደ ዘመድ የሚሄዱ መሰሉኝ። እኔ ተመልሼ፣ በማግስቱ የሰንደቅ ዓላማውን አንድ ዘንግ ይዤ ሙሉ ቀን ተሰለፍኩ። ፀሐይ ነበር። አይስክሬም በላን።»

አንድ ክፍል ውስጥ አራት ነበሩ። ጌታቸው የሚባለው ከተመለሰ በኋላ አዲስ አበባ ውስጥ በደም በሽታ ሞተ። «ከዚያ ነው አልልም። ማንም አይልም። ከዚያ አይደለምም የሚል የለም። ይኼው ነው የሚያናድደው» አሉ። እዚህ አገር ከመጡ በኋላ ሊያገቧት ያሰቧት አንዲት ሴት ነበረች። ነገሯት። ልጅ ብንወልድስ ምን ሊሆን ነው ብላ ጠየቀቻቸው። እሷም ቀረች። እሳቸውም ከዚያ በኋላ ልጅ መውለድ ፈሩ።

«ሊቀመንበሩ አሁን የት ነው?» አልኳቸው።

ዞር ብለው አዩኝ። የምቀልድ መስሏቸው ነበር።

«አባትሽ አልነገረሽም እንዴ?»

የመኪናውን መስኮት ትንሽ ዝቅ አደረግሁ። እሁድ እሁድ የምስቅበት ቀልድ ቀልድ አልነበረም።

«እርስዎ እያወቁ ነው ካርታ የሚጫወቱት?» አልኳቸው።

«ሐኒ፣ እዚህ አገር ኪየቭን የሚያውቅልኝ ሰው ሌላ ማን አለ? አንድ ቀን ራሱ ያነሳዋል ብዬ ነው በቀልድ የምወጋው። አባትሽ ክፉ ሰው አይደለም። የሰጡትን የሚያነብ ሰው ነው።» ቀጥለውም እንዲህ አሉ፦ «የዛን ቀን ክሊኒክ ውስጥ ስለ ጨረር ይጠይቁኛል ብዬ ልቤ ሲመታ ነበር። ስንት ዓመት ሙሉ አንድ ሐኪም ቢጠይቀኝ ብዬ ጠብቄያለሁ። ከራሴ ተነስቼ ማውራት ይከብደኛል፣ ያቺ ላገባት የነበረች ሴት ከቀረች ወዲህ። ፎርሙ የጠየቀው ግን ስለ ሕክምና ብቻ ነው። እንግዲህ እዚህ አገር እንደ ቁምነገር አይቆጥሩትም ማለት ነው ብዬ ተውኩት።»

እዚያው መናገር ነበረብኝ። አፌን ከፈትኩ። ፊት ለፊት ያሉት መኪናዎች መንቀሳቀስ ጀመሩና እሳቸውም ማርሽ አስገቡ። እኔም መልሼ ዘጋሁት።

ሲልቨር ስፕሪንግ ስንደርስ ነርሷ አዲስ ፎርም ይዛ ገባች። ይኼኛውን ራሷ እያነበበች ትሞላዋለች። ስኳር፣ ደም ግፊት፣ ቀዶ ሕክምና። ከዚያ ያው ጥያቄ መጣ። ነርሷ ታየኛለች።

«ለጨረር ተጋልጠው ያውቃሉ?» አልኳቸው።

ጋሽ ወንድወሰን ቀጥ አሉ። «አዎ» አሉ። በአማርኛ መለሱና በራሳቸው እንግሊዝኛ ደገሙት። ኪየቭ፣ ቼርኖቢል፣ 1986። ነርሷ መጻፏን አቁማ ቀና አለች፣ ሐኪሙን ልጥራ ብላ ወጣች።

በሩ ሲዘጋ ወደ እኔ ዞሩ።

«ይኼ ጥያቄ ያኔ አልነበረም?»

«ነበረ።»

«እንዲሁ ነበር የሚለው?»

«እንዲሁ ነው የሚለው።»

«ሕክምና የሚለውስ?»

መልሱን ከፊቴ አገኙት።

«ለኢንሹራንስዎ ብዬ ነው። አባዬ ኪየቭ ከተጻፈ አይቀበሉዎትም አለኝ» አልኩ። ስናገር እንባዬ መጣ።

«አባትሽ አለሽ» አሉ። ጥያቄም አልነበረም። መነጽራቸውን አውልቀው በሸሚዛቸው ጠርዝ ጠረጉትና መልሰው አደረጉት። አልጮሁም። ቢጮሁ ይሻለኝ ነበር።

ነርሷ ከሐኪሙ ጋር ስትመለስ ጋሽ ወንድወሰን በእንግሊዝኛ የስልክ አስተርጓሚ እንደሚፈልጉ ነገሯት። ነርሷ እኔን አየችኝ። እሳቸው ግን አላዩኝም። «ሂጂ፣ ውጭ ጠብቂኝ፣ የኔ ልጅ» አሉኝ። የኔ ልጅ ብለው ጠርተውኝ አያውቁም ነበር። ሐኒ ወይም ዶክተር ነው የሚሉኝ። ለማያውቁት ሰው ልጅ የሚሉት ዓይነት ነበር።

ኮሪደሩ ላይ ወንበር ነበር። በሩ ገርበብ ብሎ ስለነበር የስልኩ ድምፅ ይሰማኛል። አንዲት ወጣት ሐበሻ ናት። ሐኪሙ የሚለውን ሳትጨምር ሳትቀንስ ታስተረጉማለች። ጋሽ ወንድወሰን በሻከረ ድምፃቸው ያንኑ መኪና ውስጥ የነገሩኝን ሁሉ ለማያውቋት ልጅ ሲነግሩ ሰማሁ።

ስንመለስ ቤታችን እስክንደርስ የተነጋገርነው ስለ መንገዱ ብቻ ነው።

አባቴ ከሥራ ሲገባ ሳሎን ጠበቅኩት። እናቴም ነበረች።

«የኮሚቴው ሊቀመንበር አንተ ነበርክ?» አልኩት።

ጃኬቱን ሳያወልቅ ቆመ። «ማን ነገረሽ?»

«ወረቀቱን ያነበብከው አንተ ነህ?»

«ከበላይ የመጣ ወረቀት ነው። ባላነብ ኖሮ በማግስቱ ወደ አገር ቤት የሚመልሱት እኔን ነው። ሃያ ሦስት ዓመቴ ነበር።»

«አደገኛ እንደሆነ ታውቅ ነበር?»

«አላውቅም ነበር።»

«ታዲያ ለምን ሄድክ?»

ተቀመጠ። «ትኬት ሰጡኝ። ለምን እንደሰጡኝ አልጠየቅኩም» አለ።

እናቴ በዝግታ «ይኼን ሁሉ ዓመት?» አለች። ለእሷም አልነገራትም ነበር።

«ለኢንሹራንስ ነው ያልከኝስ?» አልኩት።

«ኢንሹራንሱም እውነት ነው» አለ።

ኢንሹራንሱም። ከሁሉ ያመመኝ ይህች «ም» ናት። ሌላውን ምክንያት በአፉ አላለውም። ወረቀት ላይ ኪየቭ ከተጻፈ ጥያቄ ይመጣል፤ ጥያቄ ከመጣ ያ ስብሰባ ይነሳል። ወሬው ደግሞ ቤተ ክርስቲያን ድረስ ይሄዳል። እኔን የላከኝ እምቢ እንደማልለው ስለሚያውቅ ነው። ጎበዝ ብሎ ራሴን የዳበሰኝም ለዚያ ነው።

የናሙናው ውጤት ካንሰር ነበር። ኤፕሪል ላይ ቀዶ ሕክምና ተደረገላቸው። ሐኪሙ በሽታው ከኪየቭ የመጣ ይሁን አይሁን ሊታወቅ እንደማይችል፣ ያ አምስት ወር ምን ያህል እንደጎዳቸውም መናገር እንደማይችል ነገራቸው። ይህን የሰማሁት ከእናቴ ነው፤ ሆስፒታል ሄዳ ትጠይቃቸው ነበር። እኔም አንድ ቀን ሄድኩ። አንገታቸው ታስሯል። ድምፃቸው እንደ ሹክሹክታ ነው። «ትምህርት እንዴት ነው?» አሉኝ። «ደህና ነው» አልኳቸው። «በርቺ» አሉኝ። ይቅርታ ጠየቅኳቸው። ራሳቸውን ነቀነቁ፤ እሺ ማለታቸው ይሁን ተይው ማለታቸው እስከ ዛሬ አላወቅኩም።

አሁን ወደ ቤታቸው ተመልሰዋል። እሁድ ግን አይመጡም። አባቴ አንድ ጊዜ ወደ ሦስተኛ ፎቅ ወርዶ ነበር። ብዙም ሳይቆይ ተመለሰ፤ ምን እንደተባባሉ አልተናገረም። እሱም እስከ በዓሉ ዋዜማ ድረስ ኪየቭ ነበር። እናቴ ተመርመር ብትለው እስካሁን አልሄደም። ከእሱ ጋር የምናወራው ስለ ቤት ጉዳይ ብቻ ነው። ኮሌጅ የምሄደው በአውቶቡስ ነው።

በአባቴ በጣም ተናድጃለሁ፤ ንዴቴም በቅርቡ የሚበርድ አይመስለኝም። ጋሽ ወንድወሰን ሁለት ጊዜ አምነው ሁለት ጊዜ የተጎዱት ከአንድ ቤት ነው። ግን ይህን ስጽፍ አንድ ነገር ልደብቅ አልፈልግም። አባቴ ስለ ኪየቭ እንዳታነሺ ነው ያለኝ። ጥያቄውን ለውጪው አላለኝም፤ እንዲህ ያለ ጥያቄ እንዳለም አያውቅም ነበር። ሕክምና የሚለውን ቃል ያስገባሁት እኔ ነኝ።